የሚከፈተው ወለል

እማማ ኤልፍነሽ ጃፓንኛ አያውቁም፤ እንግሊዝኛቸውም ቢሆን «ሃሎ» እና «ኖ» ላይ ያበቃል። ቅዳሜ ከሰዓት ግን፣ በሰው አገር፣ ፓርክዴል በሚባል ሰፈር ባለው የልጃቸው የአጸደ አፓርትመንት፣ ከዚያ የጃፓኖች የቴሌቪዥን ጨዋታ ፊት የሚያስነሳቸው ሰው አልተፈጠረም። ስልክ ቢጮህ አይሰሙ፣ እንግዳ ቢመጣ አይነሱ።

መጀመሪያ የወደዱት ወግ ማዕረጉን ነው። አንድ ቤተሰብ፣ ከአያት እስከ ልጅ ልጅ፣ እጅ ለእጅ ተያይዞ ይወጣና እስከ ወገቡ ጎንበስ ብሎ እጅ ይነሳል። አያትየው ሳይናገሩ ልጅ ትንፍሽ አይልም። «እነዚህስ አሳዳጊ አላቸው» ይላሉ እማማ ኤልፍነሽ፣ የአጸደን ልጅ ሊሊን በጎን እያዩ። የዘጠኝ ዓመቷ ሊሊ ነገሩ አይገባትም፤ ስትስቅ ከሶፋ ትወድቃለች። አጸደም ደስ ይላት ነበር። አያት፣ እናትና ልጅ አንድ ላይ ተቀምጠው፣ ያውም አንዳቸውም በማይሰሙት ቋንቋ ሲስቁ፣ ከዚህ በላይ ምን ትፈልጋለች?

ጨዋታው እንዲህ ነው። ቤተሰቡ ተሰልፎ ይቆማል፤ ጥያቄ ይጠየቃል፤ መልሱን የሳተ ሰው የቆመበት ወለል ድንገት ይከፈትና ዋጥ ያደርገዋል። ወለሉ ይዘጋል፤ ተመልካቹ ያጨበጭባል። የቀሩት ጠጋ ጠጋ ብለው ቦታውን ይሞሉና ይቀጥላል።

አንድ ቅዳሜ አንዱ አባወራ ወደቀ። እማማ ኤልፍነሽ አልሳቁም።

«የት ወሰዱት?» አሉ።

«ጌም ነው እኮ፣ አያቴ» አለች ሊሊ። «ኢትስ ኦኬ።»

«እሱንማ አየሁ። የት ወሰዱት ነው የምልሽ?»

ሊሊ ትከሻዋን ሰበቀች። እውነቷን ነው፣ ከየት ታውቃለች? ጣቢያው የስንት አገር ሰው የሚካፈለው ስለሆነ ሰዓቱ ሲደርስ የጃፓኖቹን ጨዋታ መጨረሻውን ቆርጦ የፖርቱጋሎችን ዜና ያስገባል። የወደቀ ሰው ሲመለስ እዚያ ቤት ታይቶ አያውቅም።

ከዚያ ወዲያ የጨዋታው መልክ ተለወጠ። እማማ ኤልፍነሽ ቅዳሜ ቅዳሜ ምሳ አልበላ አሉ። ቤተሰቡ ገና ሲወጣ ፊት ፊታቸውን እያዩ «ዛሬ ያቺን ቀይ ሹራብ የለበሰችውን ነው» ይላሉ። ወለሉ የሚከፈተውም ከቀይ ሹራቧ ሥር ይሆናል። አንድ ቀን አጸደ «እማዬ፣ እንዝጋው» ብትል፣ «ተይ፣ የሚያይላቸው ሰው ይኑር» አሏት፤ ዓይናቸውን ከቴሌቪዥኑ ሳይነቅሉ።

አጸደ ይህን አስተያየት ታውቀዋለች። ወንድሟን ታዴዎስን በቀይ ሽብር ጊዜ ከቤት ጠርተው ሲወስዱት «ለጥያቄ ነው፣ ይመለሳል» ነበር ያሉት። እናቷ ስንቱን ዓመት በር በር እያዩ ኖሩ። መንግሥት ተገልብጦ እስር ቤቱ ሲከፈት እሱ ከወጡት መሃል የለም። ያኔ ሽማግሌ ተሰብስቦ፣ በስንት ልመና፣ በፎቶግራፉ ለቅሶ አስቀመጣቸው። አልቅሰው እርማቸውን አወጡ፣ ተዝካሩን ደገሱ፣ እንቅልፍም ተኙ። የሞተ ሰው እርሙ ይወጣል፤ የጠፋ ግን ቤት ውስጥ ይቀመጣል። አጸደ ከዚህ ዓለም የምትፈራው፣ እናቷ ወደዚያ በር ማየት እንዳይመለሱ ብቻ ነበር።

እንግዲህ ይህንኑ ፈርታ ነው ሳይቸግር ጤፍ ብድር የገባችው። ከእሷ ጋር አረጋውያን መጦሪያ የምትሠራ አንዲት ጃፓናዊት ጨዋታው ሳይቆረጥ የተቀዳበት የቪዲዮ ካሴት አዋሰቻት። ነገር በዓይን ይገባል አይደል? አጸደ አይተው ይረፉ ብላ፣ ቅዳሜ ከሥራ እንደተመለሰች ጫማዋን እንኳ ሳታወልቅ ካሴቱን ከተተችው።

ያው ሰልፍ፣ ያው ጥያቄ፣ ያው ጭብጨባ። ፖርቱጋሎቹ ግን አልመጡም። ከኋላ አንድ በር ተከፈተና የወደቁት ሁሉ፣ ዱቄት የተደፋባቸው መስለው፣ ፎጣ በአንገታቸው አድርገው እየሳቁ ወጡ። ልጆቹ አባታቸው ላይ ተጠመጠሙ።

እማማ ኤልፍነሽ ብድግ ብለው እልል አሉ። ጎረቤት ግድግዳ እስኪደበድብ ድረስ እልል አሉ። አጸደ እንባዋ መጣ።

«አየሽ፣ እማዬ? ሁሉም ይመለሳሉ!» አለች፣ በገዛ አፏ። «የቀረ የለም!»

እናቷ ተቀመጡ። ደስታው ከፊታቸው አልጠፋም፤ አጸደን ያስፈራትም እሱ ነው።

«ሬሳውን ያየ አለ?» አሉ።

«የማንን?»

«የታዴዎስን ነዋ። አንቺ አይተሻል? ሽማግሌዎቹስ አይተዋል?» መልስ አልጠበቁም። «ማንም አላየም። በቁሙ እርሙን ያወጣሁበት እኔ ነኝ። እናት ሆኜ ወለሉን የዘጋሁበት እኔ ነኝ።»

«እማዬ፣ ያ ጨዋታ ነው፤ የኛ…»

«ለቄሱ ደውዪላቸው። ነገ በቅዳሴ ስሙን ከሙታን ጋር እንዳይጠሩብኝ። ከሕያዋን ጋር ይጥሩልኝ።»

ቃሉ አጸደ ምላስ ላይ ነበር፦ ሞቷል። አጭር ቃል ናት። ሽማግሌዎቹ እንኳ ያኔ «እግዜር ያውቃል» እያሉ ዙሪያ ዙሪያውን ሄዱ እንጂ አልደፈሯትም። አሁን የመናገሩ ዕዳ የሷ ሆነ። እናቷ ስልኩን አንስተው ዘረጉላት። ታዴዎስ ከቤት ከወጣ ወዲህ እንዲህ ደስ ብሏቸው አይታቸው አታውቅም።

«እሺ፣ እማዬ» አለችና የቄሱን ቁጥር መታች።