ልብስ ሰፊው ቀና ያለ ዕለት

የልብስ ሰፊው ሚስት ከጠዋት ጀምሮ እግሯ አንድ ቦታ አልረጋ ብሏታል። ሱቁን ሁለት ጊዜ ጠረገች። የጠመኔ ቁራጮቹን በቀለም በቀለማቸው ለየችና መልሳ ደባለቀቻቸው። ደጅ ወጥታ ኮረብታውን አየች፣ ገባች፣ ደግሞ ወጣች። እንግዳው ሊመጣ ነው፤ እሷ ደግሞ መግቢያ ጠፍቷታል።

እንግዳ የሚሉት አንድ ብርሃን ነው። በየአስራ አንድ ቀኑ፣ ፀሐይ አናት ላይ ስትደርስ፣ ከኮረብታው ጀርባ ብቅ ይልና ወርዶ ከተማውን ይሞላዋል። መልኩ ወደ አረንጓዴ ያደላል። በር ቢዘጋበት በስንጥቁ ይገባል፣ አልጋ ሥር ሳይቀር ይገባል፤ ጥላ የሚባል ነገር አይተውም። ጥቂት ሱሪዎች ተለክተው ተቆርጠው እስኪያልቁ ይቆይና ይሄዳል። ለዓይናማው ከዚህ ያለፈ ፋይዳ የለውም። ዓይነ ስውራን ግን እሱ እስካለ ድረስ ያያሉ። የታችኛው ሰፈር ሽማግሌ ወንዙን ሊያይ ይሮጣል። ደወል ደዋይዋ የልጆቿን አፍ አስከፍታ ጥርሳቸውን ታያለች። ልብስ ሰፊው ጨርቅ ይቆርጣል።

ዓይኑ ከጠፋ ወዲህ፣ ስድስት ዓመት ሙሉ፣ እንዲሁ ነው። ስፌቱን በዳበሳ ይወጣዋል፤ ማሽኑንም ካውያውንም እጁ ያውቃቸዋል። መቁረጥ ግን ዓይን ይፈልጋል። ስለዚህ የአስራ አንድ ቀን ጨርቅ ጠረጴዛው ላይ ተነጥፎ ይጠብቀዋል፤ እንግዳው ሲገባ አንገቱን ይደፋል፣ እስኪወጣ ቀና አይልም። ሚስቱ ፊት ለፊቱ ቆማ ጨርቁን ወጥራ ትይዝለታለች። አንድ ቀን እንኳ “እስቲ ፊትሽን ልየው” ብሏት አያውቅም። መጀመሪያ ሰሞን ተቀይማ ነበር፣ ምን ይዋሻል። አዲስ ሻሽ አስራም ጠብቃዋለች፤ ወይ ፍንክች! በኋላ ተወችው።

እንግዲህ የዛሬ ሁለት ወር ይሄ ሰው የጋለ ካውያ ጠረጴዛው ጠርዝ ላይ ተወ፤ ጫፉ ወደ ውጪ ወጥቶ። እሷ የወደቀ መርፌ ልታነሳ ጎንበስ ብላ ቀና ስትል ጉንጯ ከካውያው ጋር ተገናኘ። ጩኸቷን አፏ ውስጥ አስቀረችው።

“ምነው?” አላት።

“ጠረጴዛው እግሬን መታኝ” አለችው።

ለምን ዋሸች ቢባል፣ ምክንያት አላት። ዓይኑ የጠፋ ሰሞን የአንዲት ሙሽራ ቀሚስ አበላሽቶ፣ በዚያ ሰበብ መቀሱን ጥሎ ሦስት ወር ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ ተኝቷል። እህል የሚቀምሰው በስንት ልመና ነበር። ከዚያ አልጋ እንዴት እንዳወጣችው እሷ ታውቃለች። ለጨርቅ እንዲህ የሆነ ሰው የሚስቱን ፊት ማቃጠሉን ካወቀ አለቀለት፣ ሁለተኛ አይነሳም። ስለዚህ ጉንጯን ከእጁ አራቀች። ጠባሳው ሹል ነው፣ ልክ የካውያው ጫፍ፤ ሠላሳ ዓመት ካውያ የያዘ ጣት ደግሞ እሱን አይስተውም። ሙቀቱ አላስተኛ አለኝ ብላ ወደ አልጋው ዳር ሸሸች። እንግዳው አምስት ጊዜ መጥቶ ሄደ፤ ባሏ እንዳቀረቀረ ነው። ያበሳጫት የነበረው አመሉ መደበቂያ ሆናት።

ዛሬ ጠዋት ቁርስ ላይ፣ “ጨርቅ አታንጥፊ” አላት።

“ትዕዛዙስ?”

“ይቆያ። ትናንት እህቴ ሚስትህ ሸብታለች አለችኝ። የሚስቴን ሽበት ከሰው ልስማ? ዛሬ አንቺን ነው የማየው።”

በስንት ዓመቱ! ያኔ ቢሆን በደስታ ታለቅስ ነበር። አሁን ግን ሰሃኑን እንኳ ሳታነሳ ከጎን ቤት ወደምትኖረው የባሏ እህት ሮጠች።

“ያንቺ ምላስ ነው ጉድ ያመጣብኝ” አለቻት።

“ንገሪው በቃ፣ ሕፃን አይደል።”

“አልጋው ላይ በተኛ ጊዜ ያጎረስኩት እኔ ነኝ። አንቺ ምን አለብሽ።”

ተመልሳ ሻሿን እስከ ጉንጯ አውርዳ አሰረች።

መጀመሪያ ወፎቹ ዝም አሉ። ከዚያ ግድግዳው አረንጓዴ ሆነ። ባሏ ዓይኑን አርገበገበ፤ እጁ እንደ ልማዱ ወደ መቀሱ ሄደና ተመለሰ። ቀና አለ። ጨርቅ መርምሮ እንደሚገዛ ሰው ከግንባሯ ጀምሮ ቀስ እያለ ወረደ። እሷ እጇን የምታደርግበት አጣች።

“እውነትም ሸብተሻል” አለ።

“አንተስ የቀረህ መሰለህ?”

ሳቀ። ሳቁ መሃል ላይ ተቋረጠ። ከሻሹ ጠርዝ ሥር የጠባሳው ዳር ብቅ ብሏል።

“ይሄ ምንድነው?”

“ዘይት ፈንጥቆብኝ ነው።”

“መቼ?”

“ቆየ እኮ። ሁለት ወር ሆነው።”

በጣቱ ቆጠረ። “አምስት ጊዜ ፊት ለፊቴ ቆመሻል” አለ። “አምስቱንም ጊዜ አላየሁትም።”

“ስድስት ዓመት ሙሉ አላየኸኝም” አለችው። ልትለው አልነበረም፣ አመለጣት። ከአፏ ሲወጣ ንዴቱ ገና ትኩስ እንደሆነ አወቀች፤ ባሏም የተመታ ያህል ወንበሩ ላይ ተቀመጠ። ፊቱ ያኔ ግድግዳ ያየ ጊዜ የነበረውን ፊት መሰለ። ስትሸሸው የከረመችውን ነገር በገዛ አፏ አመጣችው።

ብርሃኑ ከጣሪያው ጀምሮ ለቀቀ። ባሏ እሷ ወዳለችበት እንዳፈጠጠ ቀረ። እጁን ዘረጋ፤ ደህነኛው ጉንጯ ላይ አረፈ።

“እዚህ ነው?” አላት።

አዎ ብትለው ዘይት ሆኖ ይቀር ነበር። ግን ደክሟታል። ሁለት ወር አልጋ ዳር መተኛት፣ ሁለት ወር ከገዛ ባሏ እጅ መሸሽ፣ እውነት ለመናገር ከቃጠሎው ይልቅ ያመማት እሱ ነው። ሻሹን ፈታች። እጁን ይዛ ወደ ማዶው አዛወረችው።

ጣቶቹ ጠባሳውን ከታች ወደ ላይ ዳበሱት፤ ሹሉ ጋ ሲደርሱ ቆሙ።

“ካውያው ነው” አለ።

“ነው።”

“እኔ ነኝ የተውኩት።”

“አንተ ነህ።”

ፊቱን ወደ ግድግዳው እስኪያዞር ጠበቀች። ውጪ ሰው ወደየሥራው እየተመለሰ ነው፣ አንድ ጋሪ እየተንጓጓ አለፈ። እጁን አላነሳም።

“ከነገ ጀምሮ” አለ ድምፁ እየተቆራረጠ፣ “ካውያውን የት ባስቀምጠው ይሻላል?”