ወደ ቀኝ የሚወርድ ወንዝ

በፊልሜ ውስጥ ሰው የለም፤ ሙዚቃም የለም። ወንዝ፣ መሃሉ ላይ የተቀመጠች አንዲት ድንጋይ፣ ውሃው ላይ የሚያልፍ የደመና ጥላ፤ አለቀ። ግድቡ ሞልቶ መንደራችንን ሳይውጠው ካሜራዬን መንገድ ዳር ተክዬ የቀረፅኩት ነው። "ይሄ ምኑ ፊልም ነው?" ያለኝን ሁሉ ጆሮ ዳባ ልበስ ብያለሁ።

ለሕዝብ ሊታይ አንድ ቀን ሲቀረው ለእናቴ አሳየኋት። መጀመሪያውንም ለእሷ ነው የሠራሁት። ሳሎኑን አጨልሜ፣ ግድግዳው ላይ አንሶላ ወጥሬ፣ አሮጌውን ፕሮጀክተር አስነሳሁት።

"የማን አገር ነው?" አለች።

"የእኛ ነዋ፣ እማዬ!"

"ኧረ ወዲያ! የእኛ ወንዝ ወደ ቀኝ ነው የሚወርደው።"

መሐንዲሱ ታላቅ ወንድሜ ሳቀ። "እርጅና ነው፤ ካሜራ አይዋሽም።"

 እናቴ እጆቿን ጭኗ ላይ አድርጋ የራሷን ትዝታ ስትጠራጠር ሳያት ደሜ ፈላ። ቤታችን እኮ ከወንዙ ማዶ ነበር! እኔ የቆምኩት መኪና በሚደርስበት በኩል ነው፤ እሷ ግን ዕድሜዋን ሙሉ ያየችው ከደጇ ነው። ከዚያ ሲታይ ወንዙ ወደ ቀኝ ይወርዳል። ተመልሼ እንዳልቀርፀው ደጁ ውሃ ውስጥ ገብቷል።

የፊልሙን ጥቅል አውጥቼ ጀርባውን ወደ ፊት አዙሬ አስገባሁት። በሁለቱም ጠርዝ ቀዳዳ ስላለው ማሽኑ አላንገራገረም። ግራው ቀኝ ሆነ።

"እሰይ! አሁን ገና የእኛ ሆነ" አለች እናቴ።

"ይሄማ ውሸት ነው። ነገ እንዲህ ብታሳዪው ታዋርጂናለሽ" አለ ወንድሜ።

ካፈርኩ አይመልሰኝ ብዬ እንደዚያው አሳየሁት። አዳራሹ ጢም ብሎ ሞልቷል። ገና እንደተጀመረ ወንድሜ ከእናቴ አጠገብ ብድግ አለ።

"ተገልብጧል! አቁሙት!"

የማሽኑ ሠራተኛ እጁን ማጥፊያው ላይ አድርጎ አየኝ።

"እንዳትነካው!" አልኩትና ወደ ወንድሜ ዞርኩ። "አዎ፣ ገልብጬዋለሁ! መንገዱማ ምን ያውቃል፣ ጋሼ? እዚያ የኖረችው እሷ ናት። ማረም ያማረው ጠልቆ ከደጇ ይቅረፅ!"

 እናቴ የወንድሜን ኮት ያዝ አድርጋ ወደ ሸራው ጠቆመች።

"ያቺን ድንጋይ አየሃት? አንተን እዚያች ላይ ነው ያጠብኩህ። ያኔም እንዲሁ ትጮህ ነበር።"

ሰዉ በሳቅ ፈረሰ። ወንድሜ አልሳቀም፤ ድንጋይዋን እያየ ቀስ ብሎ ተቀመጠ።