የሳሩ ሰው ጫማ

ናንዳካሊ ባሏን ልታቃጥል ወደ ወንዝ የወረደችው ሐሙስ ጠዋት ነው። ባሏ ግን አልነበረም። ካህኑ ወንዙ ዳር ተቀምጦ ከሳር እየሠራው ነበር።

ደንቡ እንዲህ ነው፤ ሬሳው ላልተገኘ ሰው ኩሽ ከሚሉት ቅዱስ ሳር ሦስት መቶ ስልሳ ዘለላ ይቆጠራል፤ አርባው ለራስ፣ ዐሥሩ ለአንገት እየተባለ አካል ይታሰርለትና እሱ ይቃጠላል። ከዚያ በኋላ ነፍሱ መንከራተቷን ትተዋለች። ሚስቱም ፀጉሯ መሐል ለመሐል በተከፈለበት ላይ የምትቀባውን ቀይ አጥባ፣ የመስታወት አምባሯን ሰብራ ባልቴት ትባላለች። ሰው ዐሥራ ሁለት ዓመት ከጠፋ ይበቃል ይላሉ። ዳምባር ከጠፋ ዐሥራ አምስት ሆኖታል። ሦስቱን ዓመት ያስጨመረችው ናንዳካሊ ናት።

አሁንም እሺ ያለችው ለአማቷ ብላ ነው። አሮጊቷ ትንፋሽ አጥሯት ካልጋ ልትውል ደርሳ፣ "ልጄን ሳልሸኝ እንዳልሞት" እያለች አላስተኛ አለቻቸው። ናንዳካሊ እሳቱን ፈቀደች። ቀዩን ግን ላታጥብ ለራሷ ምላለች። ሳር ቢቃጠል ሳር ነው።

እምነቷ የቆመበትን ነገር ለሰው ብትናገረው ያስቅባታል። ጫማ ነው። በማግ ወር፣ ውርጩ መሬቱን ነጭ ባደረገበት ጠዋት የንጉሡ ወታደሮች አማፂ ፍለጋ መጥተው ዳምባርን ላም ከሚያልብበት በረት አወጡት። እጁን የፊጥኝ ታስሮ ባዶ እግሩን ቆመ። ናንዳካሊ ወደ ቤት ሮጣ አዲሱን ሸራ ጫማ አመጣች። አንዱ ወታደር "ተዋት" አለ። ተንበርክካ አጠለቀችለትና ክሩን ሁለት ጊዜ ቋጠረችው። ከዚያ ወዲህ ሰው ሁሉ ሲያለቅስላት እሷ የምታስበው ያን ቋጠሮ ነበር። የትም ይሁን የት እግሩ አልበረደውም። ጫማ ያደረገ ሰው ይራመዳል፣ የሚራመድ ሰው ደግሞ አንድ ቀን ይመጣል።

አገሩ ከዚያ ወዲህ ስንቱን አየ። ንጉሡ ወረደ። ጫካ የነበሩት ሚኒስትር ሆኑ፤ ካሳደዷቸው ጋርም ተቃቅፈው ፎቶ ተነሡ። ከዋና ከተማ አጣሪ ኮሚሽን መጣና ቅጽ አስሞላት፤ ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ። ሦስት ጊዜ ሞላች። "የጠፋው ሰው የለበሰው" በሚለው መስመር ላይ ሦስቱንም ጊዜ ጫማውን አስጻፈች። ኀዘን ተሰማሽ ወይ ቢሏት፣ ኧረ ምንም። ከመጀመሪያው ዓመት በኋላ ውስጧ መርፌ እንደተወጋ ድድ ነው፤ ቢነክሱትም አያውቅም።

ቴክራጅም ከዘመኑ ጋር ተገለባብጧል። በንጉሡ ጊዜ የቀበሌው ጸሐፊ ነበር። ያን ጠዋት ወታደሮቹን እየመራ ያመጣው እሱ መሆኑን መንደሩ ሁሉ ያውቃል። "ተገድጄ ነው፤ ቤቱን አሳይቼ ከማሳው ጥግ ተመለስኩ። ከዚያ ወዲያ ዳምባርን በዓይኔ አላየሁትም" ብሎ በልጁ ራስ ምሏል። ሰላም ሲወርድ ከአማፂዎቹ ፓርቲ ገባ፣ ለመንደሩ መኪና የሚያስገባ መንገድ አሠራ፣ ባለፈው ምርጫ ሊቀ መንበር ሆነ። ናንዳካሊም መርጣዋለች። መንገዱ ጥሩ ነው።

ዛሬም እንደ ጎረቤት ሁሉ አንድ ፍልጥ በትከሻው ተሸክሞ መጥቷል።

"እሳቱን የሚለኩስ ወንድ የለም ከዚህ ቤት?" አለ ካህኑ፣ ከሳሩ ቀና ሳይል።

"የልጅቷ አጎት ኳታር ነው" አለች አማትዬዋ። "በስልክ ይለኩስ ካሉ እንደውልለታ።"

"እኔ እለኩሳለሁ" አለች የናንዳካሊ ልጅ ሱንታሊ። አባቷ ሲወሰድ ሁለት ዓመቷ ነበር።

"ሴት እንኳን ልትለኩስ ወንዝ ዳርም አትወርድም ነበር" ብሎ አጉረመረመ ካህኑ። "ይሁን። ሪፐብሊክ ሆነናል አሉ።"

ከዚያ ለሟች ለመንገዱ የሚሰጠውን ስንቅ ይጠራ ጀመር። ጃንጥላ፤ ይኸው። ብርድ ልብስ፤ ይኸው። የመዳብ እንስራ፤ ይኸው።

"ጫማ?"

"አላመጣንም" አለች ናንዳካሊ።

"ጫማማ ግድ ነው። የወዲያኛው መንገድ እሾህ ነው።"

"ጫማ አለው። እኔ ነኝ ያሰርኩለት።"

"አንቺ ልጅ፣ በዛሬ ቀን እንኳ አታድርቂኝ" አለች አማቷ።

"አለው እኮ ነው የምልሽ፣ እማማ።"

ቴክራጅ ፍልጡን አስቀምጦ እጁን አራገፈ። ክፉ ሊናገር አልነበረም። ሊቀ መንበር ከሆነ ወዲህ ሁለት ሰው ሲከራከር ከሰማ መሐል ገብቶ ማስማማት ልማድ ሆኖበታል።

"ግዴለሽም ናንዳካሊ፣ ስጪው" አለ ለስለስ ብሎ። "ባዶ እግሩን እኮ ነበር።"

የተናገረውን ራሱም የሰማው ከሌሎቹ ጋር እኩል ነው። የካህኑ ጣት ሳሩ ላይ ቆመ።

"መቼ?" አለች ናንዳካሊ።

"እንዲያው... ሰው ሲያወራ..."

"መቼ ነው ባዶ እግሩን ያየኸው?"

ዐሥራ አምስት ዓመት እርስዎ ስትለው ኖራለች። ቴክራጅ አማትዬዋን አየ፣ ካህኑን አየ፣ የሚያግዘው አላገኘም።

"በሦስተኛው ቀን" አለ። "ድልድዩ ሥር። ሬሳውን አንሣ አሉኝ፣ አነሣሁ። ወንዙ ወሰደው።"

"ጫማውስ?"

"አንዱ ወታደር ነው የወሰደው። አዲስ ነበር። ቋጠሮው አልፈታ ብሎት ክሩን በቢላ ቆረጠው።"

አማትዬዋ አፏን በነጠላዋ ያዘች። ሱንታሊ የእናቷን ፊት አየች። ናንዳካሊ አንድ ነገር እስኪመጣ ጠበቀች፤ እንባም ይሁን ጩኸት። አልመጣም። ማንም ሳያዛት ወደ ውኃው ሄዳ ተንበረከከችና ቀዩን ማጠብ ጀመረች። የዓመታት ቀለም ነውና ቶሎ አልለቅ አላት። አምባሯን ድንጋይ ላይ መታ መታ አድርጋ ሰበረችው። ከዚያ ተመልሳ ቴክራጅ ፊት ቆመች።

"ጫማህን አውልቅ" አለችው።

ድምፅዋ ውኃ ስጠኝ የምትል ይመስል ነበር። ቴክራጅ ጎንበስ ብሎ ፈታ። አንዱን፣ ቀጥሎም ሌላውን። ካህኑ ሰው ያደረገው ጫማ አይሆንም ሊል አፉን ከፍቶ መልሶ ዘጋው። ናንዳካሊ ጫማዎቹን በሳሩ ሰው እግር ላይ አድርጋ ክሩን ዙሪያውን ጠመጠመችና ሁለት ጊዜ ቋጠረችው።

ሱንታሊ ለኮሰች። ሳሩ ወዲያው ነድዶ አለቀ፤ ጫማው ግን ብዙ ቆየ። ቴክራጅ እስኪያልቅ ድረስ ውርጭ በያዘው ድንጋይ ላይ በባዶ እግሩ ቆመ። ወሩ ማግ ነበር።