ቅርንጫፍ ሊያቋቁም የመጣው ዊላርድ

ዊላርድ ታኬት ኮሌጃችን የመጣው እኔ ሁለተኛ ዓመት በገባሁበት መኸር ነው። የአርካንሳስ ተራራ ልጅ ነው፤ ከተመረቀ ዓመት አልሞላውም። በተማሪነቱ አባል የነበረበት የወንድማማቾች ማኅበር ደመወዝ ቆርጦለት፣ ቅርንጫፍ በሌለበት ኮሌጅ እየዞረ አባል እንዲመለምል ይልከዋል። ለእኛ ኮሌጅ የተሰጠው ትእዛዝ አጭር ነበር፤ እስከ ኅዳሩ የምስጋና ቀን በዓል ሃያ ሰው። ሃያ ካልሞላ ቅርንጫፍ የለም።

ነብራስካ ውስጥ፣ በበቆሎ እርሻ ተከቦ ለተቀመጠ ትንሽ ኮሌጅ ሃያ ሰው ቀልድ አይደለም። ግማሾቻችን አርብ ከሰዓት መኪና አስነስተን ለአጨዳ ወደ ቤት የምንበር የገበሬ ልጆች ነን። ዊላርድ ካፌው በር ላይ ጠረጴዛ ዘርግቶ፣ ሰማያዊ ጨርቅ አልብሶ፣ በክራባት ይቆማል። ተማሪው ከረሜላውን ዘግኖ ያልፋል።

አንድ ቀን ሳልፍ ጠራኝ።

"አንተ፣ ምሳ በላህ?"

"አልበላሁም።"

"እኔም አልበላሁም። ብቻዬን መብላት ደግሞ አንገሸገሸኝ። ና፣ እንግባ።"

ገብተን በላን። ስለ አጨዳው ጠየቀኝ፤ ዳሌውን ስላመመው አባቴም አጫወትኩት። ስለ ማኅበሩ አንድም ቃል ሳይተነፍስ ሲቀር እኔው ጀመርኩ።

"እና ይሄ ማኅበራችሁ ምን ይፈይድልኛል? ቢራ ከሆነ ዶርማችንም ሞልቷል።"

ሳቀ። "እውነቱን ልንገርህ? ላንተ ምን እንደሚፈይድ አላውቅም። እኔ ግን ፍሬሽማን ሆኜ ጉንፋን አልጋ ላይ ሲጥለኝ፣ ሾርባ ይዞ በሬን ያንኳኳው ስሙን እንኳ በቅጡ የማላውቀው የማኅበሩ ልጅ ነው። ከእናቴ ሌላ እንዲህ የሚያደርግ ሰው ያለ አይመስለኝም ነበር።"

በማግስቱ ከሩቅ ሲያየኝ "ሮይስ! የአባትህ ዳሌ እንዴት አደረ?" ብሎ ጮኸ። እኔም በዚሁ ገባሁ።

ከእኔ ቀጥሎ የመጣው ኤሜት ቮስ ነው፤ የቧንቧ ሠራተኛ ልጅ። ኤሜት ሲናገር ይንተባተባል። ሰው ሁሉ ቸኩሎ ቃሉን ከአፉ እየነጠቀ ይጨርስለታል። ዊላርድ ግን አይነጥቅም። ዓይኑን ሳይነቅል፣ ፊቱ ሳይጠቁር፣ የሚሄድበት ቦታ እንደሌለው ሰው ተቀምጦ ይጠብቃል። ለዚህ ይሆናል ኤሜት ከእሱ ጋር ሲሆን ወሬኛ የሚሆነው።

ጥቅምት ሲጋመስ አምስት ነበርን። ዊላርድ ባረፈበት ሞቴል አለቃው እየደወለ ያፋጥጠው ጀመር። እሱ ባይነግረንም ክራባቱን ማሰር መተዉን አይተን ነገሩ ገባን።

በዚህ መሀል የቤዝቦል ቡድኑ አምበል ብሮክ ደንሊቪ ጓደኞቹን አስከትሎ ወደ ጠረጴዛው መጣ። ብሮክ ግዙፍ ነው፤ ሲናገር ካፌው ሙሉ ይሰማል።

"ስማ ዊላርድ፣ እኛ አሥራ ስድስት ነን። ካንተ ልጆች ጋር ሃያ ሞላህ፤ ተገላገልክ። አንድ ነገር ብቻ፣ ያ ኤሜት የሚሉት ልጅ ይቅርብን። ክፉ ነው አልወጣኝም! ግን አንዱ ፍሬሽ መጥቶ 'ማኅበራችሁ ምንድን ነው?' ቢለው፣ መልሱን እስኪሰማ የገና በዓል ይደርሳል።"

ጓደኞቹ አውካኩ። ዊላርድ አልሳቀም።

"እኔ ነገ ሂያጅ ነኝ" አለው። "ማኅበሩ የልጆቹ ነው። እነሱ ይወስኑ።"

ከእራት በፊት አምስታችን ዶርም ሳሎን ተሰበሰብን። ኤሜትም አለ፤ ውጣ ለማለት የደፈረ የለም።

"በአንድ ሰው ምክንያት አሥራ ስድስት ሰው ይመለሳል እንዴ?" አለ ኦስትራንደር የሚባለው ጓደኛችን።

"ያ አንድ ሰው አንተ ብትሆንስ?" አልኩት።

"እኔ አፌ አይያዝማ!"

"አፍህ ቢያዝማ ተገላግለን ነበር።"

ኤሜት እጁን አነሳ። "እ... እኔ ል... ልውጣ። ቅ... ቅርንጫፉ ይ... ይቁም።"

ይህን ሲል የሁላችንም ዓይን ምንጣፍ ላይ ተተከለ። በሩ ተከፈተና ዊላርድ ገባ። ፊቱ አመድ መስሏል።

"አባቴ" አለ። "ጠዋት የሚሠራበት እንጨት መሰንጠቂያ በር ላይ ወድቆ ሞተ።"

አውቶቡስ እየቀያየረ ቢሄድ ቀብሩ ላይ አይደርስም። ኤሜት ከሶፋው ተነስቶ ጃኬቱን ይለብስ ጀመር።

"የ... የአባቴ መኪና አለች።"

ንጋት ላይ ከኤሜት አባት ትልቅ ቫን የቧንቧ ዕቃውን አራግፈን፣ አምስታችንም ዊላርድን ይዘን ልንነሳ ስንል ብሮክ ወሬውን ሰምቶ ሳንድዊች በከረጢት ታቅፎ መጣ።

"ማን ነው የሚነዳው?"

"ኤሜት" አልኩት።

"ብቻውን? እስከ አርካንሳስ? አብዳችኋል!" ብሎ ከፊት ወንበር ገባ። ካንሳስ ሲቲን አልፈን ዊላርድ እንቅልፍ ሲወስደው ነው ብሮክ የመጣበትን ምክንያት የተናገረው። አባቱን በልጅነቱ ቀብሯል። "ከትምህርት ቤት አንድ ሰው እንኳ ለቅሶ አልደረሰኝም" አለ፣ በተራው መሪውን ይዞ መንገዱን እያየ። ኤሜት ሳንድዊቹን ለሁለት ከፍሎ ግማሹን ሰጠው።

የማኅበሩ ዋና መሥሪያ ቤት በሪባን ላይ መጠሪያ ፊደላቱ የተጻፉበት ትልቅ የአበባ ጉንጉን ልኮ ነበር። ድሮ ከዊላርድ ጋር አብረው ከኖሩት የማኅበር ወንድሞቹ ግን የመጣው አንድ ብቻ ነው፤ እሱም ሥራ አለብኝ ብሎ ከቀብር መልስ ሄደ።

ከቀብር በኋላ ቤተ ክርስቲያኑ ምድር ቤት ለምሳ ተቀመጥን። የዊላርድ እናት፣ ወይዘሮ ኦፓል፣ ተቀመጡ ቢባሉ እምቢ ብለው ባቄላ በጭልፋ እየዞሩ ያድላሉ። ኤሜት ጋ ደረሱ።

"ስምህ ማነው፣ የኔ ልጅ?"

"ኤ... ኤ... ኤ..."

ብሮክ ሊያግዘው አፉን ከፈተ። ከዚያ ወይዘሮዋን አየ። ጭልፋውን እንደያዙ፣ ባቄላው እየቀዘቀዘ፣ ዓይናቸውን ከልጁ ሳይነቅሉ ይጠብቃሉ። ብሮክ አፉን ዘጋ።

"...ኤሜት።"

"ኤሜት። ጥሩ ስም ነው" አሉና ሳህኑን ሞሉለት። ዊላርድ ያንን ትዕግሥት ከማን እንደወረሰ ያን ቀን አወቅኩ።

ቀጥለው ሁላችንንም ቃኙን። "እና የማኅበር ወንድሞቹ የትኞቻችሁ ናችሁ?"

በደንቡ መሠረት ገና ቃለ መሐላ ያልፈጸመ ሰው ወንድም አይባልም። ብሮክማ ጭራሽ አልተመዘገበም። ዊላርድ ግን ዓይኑን ሳያሽ "ሁሉም፣ እማዬ" አለ። ብሮክ አንገቱን ሳህኑ ላይ ደፋ።

እኛ ስንመለስ ዊላርድ ከእናቱ ጋር ቀረ። ብሮክ ቡድኑን ሰብስቦ "ኤሜት ካልገባ እኔም አልገባም" አላቸው። ተነታረኩ፤ አንዳንዱም "ለቅሶ ሄደህ ተሰበክህ?" ብሎ ቀለደበት። በመጨረሻ የተከተሉት ሦስት ናቸው። ዘጠኝ ሆንን ማለት ነው። የምስጋና ቀን አለፈ፤ ዋናው መሥሪያ ቤትም ቅርንጫፉ እንደማይቋቋም በስልክ ነገረን። ዊላርድ ሥራውን ለቆ አባቱ ይሠራበት የነበረው መሰንጠቂያ ገባ።

እኛ ግን አልተበተንንም። ስም የሌለው ማኅበር ሆነን ቀረን፤ እሑድ እሑድ አብረን እንበላለን፣ የታመመ እንጠይቃለን፣ አጨዳ የበዛበት ቤት ሄደን እናግዛለን። ኦስትራንደር እንኳ ከሁላችን ብሶ ፍሬሾችን ግቡልን እያለ ይለምን ጀመር። ኤሜት አባል ለመመልመል ካፌ በር ላይ ሲቆም አንዳንዱ ትቶት ይሄዳል፤ የሚቆይለት ግን የምር ይቆያል። እኔ በምመረቅበት ዓመት ሃያ ሦስት ደርሰን ለዋናው መሥሪያ ቤት እንደገና አመለከትን። በጸደይ ፈቃዱ መጣ።

ቃለ መሐላውን የሚያስፈጽም ሰው ሊልኩልን ነበር፤ እኛ ዊላርድ ካልሆነ አልን። መጣ፤ ወፍሯል፣ እጁ ሻክሯል። እናቱንም ይዞ መጣ። አርማውን ደረታችን ላይ በተራ ሲሰካ ብሮክን አልፎ ኤሜት ጋ ሲደርስ ተቸገረ፤ ኤሜት የአባቱን ወፍራም የሱፍ ኮት ለብሶ ነበርና መርፌው አልገባ አለ።

"ም... ምነው፣ መ... መጋዝ ላምጣልህ?" አለው ኤሜት።

አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። ወይዘሮ ኦፓል ከፊት ወንበር ተነስተው ልጃቸውን በክርናቸው ገፋ አደረጉት፣ አርማውን ተቀበሉት፣ ኮቱን ገልበው ሸሚዙ ላይ ሰኩለት።