ትርንጎን ያስቆሟት አጫጆች

በደብረ ታቦር ዙሪያ ሰው ያለ ነገር አይሮጥም። የሮጠ እንደሆነ ወይ ቤት ተቃጥሏል፣ ወይ ሰው ሞቷል፣ ወይ ከብት ተነድቷል። ይህን ሕፃን እንኳ ያውቀዋል። የስፖርት መምህሩ ምትኩ ግን አያውቅም ነበር፤ አገሩ ሐረር ነው። ስለዚህ በ1975 ዓ.ም. ኅዳር ላይ የሴት ተማሪዎችን የአገር አቋራጭ ሩጫ ሲያዘጋጅ፣ መንገዱን አጨዳ በደረሰ ማሳ መካከል አሳለፈው። ለገበሬዎቹ የነገራቸው ሰው አልነበረም።

ከአሥራ ሁለቱ ሯጮች አንዷ ትርንጎ ነበረች፤ ዕድሜዋ አሥራ አምስት፣ ትምህርቷ ስምንተኛ ክፍል። አባቷ አቶ በላይነህ ለአንድ የአንበሳሜ ነጋዴ ልጅ ሊድሯት ቃል ገብተው፣ ሰርጉ ለጥር ተቆርጧል። መምህር ምትኩ ቤታቸው ድረስ እየሄደ «ይህች ልጅ አውራጃውን ወክላ ጎንደር መሮጥ ትችላለች፤ አይዳሯት» እያለ ሦስት ቀን ቢመላለስባቸው፣ አቶ በላይነህ እሱን ለመገላገል ያህል መለሱለት።

«በል እንግዲያው፣ ለጎንደሩ ውድድር ከተመረጠች ሰርጉ ይቆያል። ካልተመረጠች ግን ሁለተኛ ደጄን እንዳትረግጥ።»

ከዚህ ሩጫ የሚመረጡት ሁለት ብቻ ነበሩ። ትርንጎ ከዚያን ቀን ጀምሮ ውኃ ልትቀዳ ስትሄድ ሮጣ፣ ስትመለስም ሮጣ፣ አንድ እንስራ ሰብራ ተገርፋለች።

የውድድሩ ዕለት ገና ከሜዳው ሲነሱ መሪነቱን ያዘች። ወንዙን ተሻግራ ዋርካው ሥር ስትደርስ፣ እዚያ የቆመው መምህር መድረሷ እንዲታወቅ መዳፏ ላይ ማኅተም መታላትና በሌላው መንገድ፣ በማሳው በኩል ተመለሰች። የሚከተሏት ፈንታነሽና ውዴ ገና ወንዙ ውስጥ ናቸው። «ዛሬስ ተገላገልኩ!» አለች በልቧ። ነጭ ቀሚሷን በመቀነቷ ሸብ አድርጋ ዳገቱን ተያያዘችው።

ዳገቱ አናት ላይ በወንፈል የተሰበሰቡ ገበሬዎች ጤፍ ያጭዳሉ። ከመካከላቸው አንድ ሽበታም ሽማግሌ ቀና ሲሉ አዩዋት።

«ቁሚ ልጄ!»

ትርንጎ ሽማግሌ ጠርቷት አልፋ ሄዳ አታውቅም። እግሯ እንሂድ አለ፤ አስተዳደጓ ግን ያዛት። ቆመች። ኋላ እንቅልፍ የነሳቻት ይህች መቆም ናት።

ሽማግሌው አያ ሙላቴ ይባላሉ። ማጭዳቸውን ጥለው ክንዷን ጨበጡ።

«ማን አሳደደሽ? ወዴት ነው የምትሮጭ?»

«ማንም! ውድድር ነው... ይልቀቁኝ አባቴ!»

«ከማን ጋር?»

«ከሴቶች ጋር!»

አጫጆቹ እርስ በርሳቸው ተያዩ። ወይዘሮ ጌጤ የሚባሉ ሴት ነዶ እንደታቀፉ ቀረብ ብለው ቀሚሷን፣ ላቧን፣ እንባዋን አዩና ነገሩን በአንድ ጊዜ ፈቱት። ማለቴ፣ በአንድ ጊዜ አበላሹት።

«ኧረ ከባል ቤት ኮብልላ ነው! ሙሽራ ናት። ደረቷ ላይስ ምን ቁጥር ለጥፈውባታል? ከብት እንኳ እንዲህ አይደረግ!»

«ባል የለኝም!»

«የኮበለለች ሁሉ እንዲሁ ነው የምትል።»

«የለኝም አልኳችሁ እኮ! ሰርጉ ገና ለጥር ነው!»

ይህን ስትል ምነው ምላሴን በነከስኩት አለች። አያ ሙላቴ በሐዘን ራሳቸውን ነቀነቁ።

«አየሽ ልጄ፣ ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል። ቁጭ በይ፣ ውኃ ጠጭ። እኛ ሽማግሌ ሆነን እናስታርቅሻለን።»

ያቃጠላት ደግነታቸው ነው። ቢሰድቧት ነክሳ ታመልጥ ነበር። ውኃ በቅል ይዞ «ጠጭ ልጄ» የሚልን ሽማግሌ ግን ማን ይነክሳል? በንዴት ስቅስቅ ብላ አለቀሰች። እነሱም ለቅሶዋን ባዩ ቁጥር ይበልጥ አዘኑላት፤ ባዘኑላት ቁጥር ይበልጥ ጠበቅ አድርገው ያዟት።

በዚህ መካከል ፈንታነሽና ውዴ ዳገቱን ወጥተው ብቅ አሉ።

«መጡ! አሳዳጆቿ መጡ!» ብሎ አንዱ ጮኸ። ወንዶቹ ዱላ ዱላቸውን አንስተው ትርንጎን ከኋላቸው ሸሸጓት። «አይዞሽ፣ አናስነካሽም!»

ፈንታነሽ ዱላውን አይታ ደነገጠችና በማሳው ዳር ዞራ አለፈች። ውዴም ተከተለቻት። ሁለቱም ዞረው አላዩም።

«አልፈዋት ሄዱ እኮ!» አለ ዱላ የያዘው ሰውዬ።

የአያ ሙላቴ እጅ ላላ። «ልጄ... ምን ነበር ያልሽን?»

«የቀደመች ትማራለች፣ የተቀደመች ትዳራለች!» ብላ ጮኸችባቸውና ተፈተለከች።

እንደዚያ ቀን ሮጣ አታውቅም። ቁልቁለቱን ወረደችው ሳይሆን ወደቀችው ማለት ይሻላል። ሜዳው ስትደርስ ውዴ በሦስት እርምጃ ቀድማት ገባች። ትርንጎ ሦስተኛ ወጣች።

የሆነውን ብትናገር ተማሪው ሁሉ ሳቀ። መምህር ምትኩ ብቻ አልሳቀም። ብዙም ሳይቆይ አያ ሙላቴ ማጭዳቸውን ወገባቸው ላይ ሻጥ አድርገው፣ እያለከለኩ ሜዳው ውስጥ ገቡ።

«የያዝኋት እኔ ነኝ። ጥፋቱ የኔ ነው» አሉ።

ውጤቱን ሊመዘግብ ከአውራጃው የመጣው ሰው ደብተሩን አጠፈ። «አባት፣ ውጤቱ ተመዝግቧል። ሁለት ተብለናል፣ ሁለት ወስደናል።» መምህር ምትኩ ቢለምነውም፣ ቢቆጣውም ደብተሩን መልሶ አልገለጠውም።

ትርንጎ ተስፋ ቆርጣ የቤቷን መንገድ ጀመረች። ሽማግሌው ተከተሏት። «አባትሽ ዘንድ ውሰጅኝ» አሏት። እንዳይከተሏት ብትፈልግም መራቻቸው።

አቶ በላይነህ ደጅ ቆመው ነበር።

«ስንተኛ ወጣሽ?»

«ሦስተኛ።»

«እንግዲያው አለቀ።»

አያ ሙላቴ ከግቢው አጥር ሥር ትልቅ ድንጋይ አንስተው ማጅራታቸው ላይ ጫኑና፣ የልጃቸው እኩያ በሆኑት በአቶ በላይነህ ፊት አጎንብሰው ቆሙ።

«ኧረ በማርያም! ይጣሉት፣ ምን ነውር ነው!» አሉ አቶ በላይነህ ደንግጠው።

«እግሯ አልተሸነፈም። ያስቀረኋት እኔ ነኝ። ይቅር ይበሉኝ።»

«ይቅር ብያለሁ፤ ይጣሉት!»

«በአፍ አይዶለም። ጥር ይለፍ ይበሉኝ።»

ጎረቤት በአጥሩ ላይ ማየት ጀመረ። ሽማግሌው ከነድንጋዩ ይበልጥ አጎነበሱ። አቶ በላይነህ ግራ ቀኝ አዩ፣ ጢማቸውን አሹ፣ በመጨረሻ ጥርሳቸውን ነክሰው ተናገሩ።

«እሺ፣ እስከ ፋሲካ። ከዚያ ወዲያ አላውቅም።»

ድንጋዩ ዱብ አለ።

ትርንጎ ደስ አላላትም። ፋሲካ አምስት ወር ነው፤ ጎንደር የሚሄዱት ደግሞ ፈንታነሽና ውዴ ናቸው። አያ ሙላቴን እስከ በሩ ሸኘቻቸው።

«ተቀየምሽኝ?» አሏት።

«አዎ፣ ተቀይሜዎታለሁ» አለች። ሽማግሌ ፊት እንዲህ ተናግራ አታውቅም።

አያ ሙላቴ ማጅራታቸውን አሹ።

«ደግ አደረግሽ። ሁለተኛ ስትሮጭ ግን፣ ብጠራሽም አትቁሚ።»