ከገዳዩ የማይቀድም ማስታወሻ

የሟቹ መሥሪያ ቤት ኃላፊ ዓይኑን በመሐረብ ሲጠርግ፣ ታናሽየው ያየው ዓይኑን ሳይሆን መሐረቡን ነበር። ደረቅ ነው። የተተኮሰበት እጥፋት እንኳ አልተበላሸም። ያ ሁሉ «ወየው ወንድሜን!» ቤቱን አናግቶ፣ የወረደው እንባ ቢጠራቀም ትንኝ አንድ እግሯን አታጥብበትም። በሌላ እጁ ደግሞ ብስኩት ይዟል፤ ለቅሶው ፋታ ሲሰጠው ይገምጣል፣ ፍርፋሪው የሟቹ መጻሕፍት ላይ ይዘንባል።



ታላቅ ወንድሙ ከተቀበረ ሦስተኛ ቀኑ ነው። የታሪክ ተመራማሪ ነበር፤ የድሮ የወንጀል ምርመራ ልቦለዶችን እያረመ፣ የግርጌ ማስታወሻ እየጻፈ፣ እንደገና ያሳትም ነበር። የመጨረሻ ሥራው ረቂቅ እዚያው ጠረጴዛው ላይ ተቆልሏል። ሽፋኑ ነገ ማተሚያ ቤት ይገባል። አሳታሚዋ ለቅሶም ልትደርስ፣ የሽፋኑንም ነገር ልትቋጭ መጥታ ጥግ ላይ ተቀምጣለች።

«ይህን መጽሐፍ አብረን ነው የሠራነው» አላት ኃላፊው፣ ብስኩቱ አፉ ውስጥ እየተንከባለለ። «ትሑት ስለነበረ ለማንም አልተነፈሰም። ስሜ ከስሙ በላይ ቢወጣ ለሱም ክብር ነው።»

«ለማን? ለሟቹ?» አለ ታናሽየው።

«ኧረ አፍህን ያዝ!» እትዬ ክንዱን ቆነጠጠችው። ታላቅ እህታቸው ናት፤ ሹመት ያለው ሰው ፊት ትሽቆጠቆጣለች። ወደ ጆሮው ጠጋ ብላ፣ «ተወው፣ ይጻፍ። እሱ ዶክተር ነው። አንተ ከሰባተኛ ክፍል የተባረርክ ምን አገባህ?» አለችው።

እውነቷን ነው። ርዕሰ መምህሩ ሞተ ብሎ አርድቶ፣ አንድ ትምህርት ቤት ሙሉ ተማሪ እያስለቀሰ ወደየቤቱ ስለሰደደ ነው የተባረረው።

ታላቅየው ግን ይህን ውሸታም ነበር የሚፈልገው። አንድ መጽሐፍ አርሞ ሲጨርስ፣ የመጨረሻውን ምዕራፍ ፖስታ ውስጥ ያሽግና የቀረውን ለታናሹ ይሰጣል። ታናሽየው አንብቦ፣ ገዳይ ነው ያለውን ሰው ስም በብጣሽ ወረቀት ጽፎ፣ የወንድሙ ኮት የደረት ኪስ ውስጥ ይከታል። ታላቅየው መነጽሩን አድርጎ ያያል። ግምቱ ከሳተ ኪሱን በመዳፉ ሁለቴ መታ መታ አድርጎ ይስቃል። ልክ ከሆነ ግን ፊቱ ይጠቁራል፤ ከማስታወሻዎቹ አንዱ ገዳዩን አሳብቋል ማለት ነው። ያንን እስኪያገኝ ሳምንት ሙሉ እህል አይወርድለትም።

የባቡር ጉዞ ያለበትን አንድ መጽሐፍ ሲያርም ቤተ መዛግብት ገብቶ የአቧራ ሳል እስኪይዘው የጉዞ ሰሌዳ አገላበጠ። በዚያ ዘመን እሁድ እሁድ ባቡር እንዳልነበረ ደረሰበት። «እሁድ በባቡር ሄጃለሁ» ያለው ተጠርጣሪ ታዲያ አለቀለት። ታላቅየው ግኝቱን ለመጻፍ እጁ እየበላው፣ አንባቢ እንዳይነቃ ብሎ ማስታወሻዋን ወደ መጽሐፉ መጨረሻ ወሰዳት።

«ማስታወሻ ከገዳዩ አይቀድምም» ይል ነበር። «አንተ ደግሞ ውሸት ሲሸትህ አፍንጫህ ይነፋፋል። እኛ ዘንድ እንዲህ ያለ አፍንጫ ያለው አንድ ምሁር የለም።»

እነሱ ዘንድ የነበረው ኃላፊው ነው። በስብሰባ መሐል፣ «ሰውዬው የነገሥታት ታሪክ ትቶ የነፍሰ ገዳይ ባቡር ይጠብቃል» ብሎ ጉባኤውን አሳቀበት። በዓመቱ ቢሮውን ቀምቶ ጠረጴዛውን ኮሪደር ላይ አስወጣው። ታላቅየው ስድስት መጽሐፍ ያረመው እዚያ ኮሪደር ላይ፣ የሽንት ቤቱ በር በተከፈተ ቁጥር አፍንጫውን እየያዘ ነው።

በመጨረሻው መጽሐፍ የመድኃኒት ቤት ባለቤት የሆነች ሴትዮ በመርዝ ትሞታለች፤ ተጠርጣሪዎቹ አራት ናቸው። ታናሽየው ግማሹ ላይ ሳለ ነው ወንድሙ የሞተበት።

አሁን አፍንጫው ተነፋፋ።

«ዶክተር» አለ፣ ድምፁን ቅቤ አስመስሎ፣ «ወንድሜ እርስዎን ሳያነሳ አይውልም ነበር። ‹የሰዓት ሠሪውን ማስታወሻ ያለ እሱ አልወጣውም ነበር› ይለኝ ነበር።»

ኃላፊው ብስኩቱን ዋጠ። «አለ? አይ ወንድሜ! እንዴታ! ሰዓት ሠሪውን እኮ የደረስኩበት እኔ ነኝ። ከመጀመሪያው ገጽ ጠርጥሬዋለሁ!»

«ሴትዮዋንም ያነቃት በሰዓቱ ሰንሰለት ነው፣ አይደል?»

«በሰንሰለቱ እንጂ! ሦስት ቀን ሙሉ ስለ ሰንሰለቱ ሳስረዳው ነው የከረምኩት።»

አሳታሚዋ ብርጭቆዋን አስቀመጠች። «ዶክተር፣ እኔ ረቂቁን ሁለቴ አንብቤዋለሁ። ሴትዮዋ የሞተችው በመርዝ ነው። ሰዓት ሠሪ የሚባል ሰው ደግሞ የለበትም። የግድግዳ ሰዓት እንኳ የለበትም።»



«ከሌላኛው ጋር ተምታቶብኝ ነው» አለ ኃላፊው። «ሐዘን ነው፣ ምን ላድርግ።»

«ሽፋኑ ላይ የሚወጣው አንድ ስም ነው» አለች አሳታሚዋ።

ታናሽየው መሳቅ ነበረበት። አልሳቀም። ወንድሙ ቢኖር ከወንበሩ እስኪወድቅ የሚስቅበትን ቀልድ በዚህ ሰው ላይ ማባከኑ ራሱን አስጠላው። ይባስ ብሎ ኃላፊው ሲወጣ አቅፎ ሳመው። ከንፈሩ እርጥብ ነው፤ ፍርፋሪ አለበት።

«መቅድሙ ላይ እንኳ» አለ በሹክሹክታ፣ «አንዲት መስመር አትገኝልኝም?»

ታናሽየው ጉንጩን ሦስት ጊዜ በሳሙና አሸ። ቆዳ እንደ ሸሚዝ ቢወልቅ ኖሮ በበረኪና ይዘፈዝፈው ነበር። ሲመለስ እትዬ የወንድሟን የኮሪደር ጠረጴዛ ነገር ከአሳታሚዋ ሰምታ፣ ፍርፋሪውን በመዳፏ ከመጻሕፍቱ ላይ እያራገፈች አገኛት።

«ኮሪደር ላይ?» አለች፣ ቀና ሳትል። «ስድስቱንም መጽሐፍ? ለምን አልነገራችሁኝም?»

አጎንብሶ አብሯት ፍርፋሪውን ያራግፍ ጀመር።

አሳታሚዋ ቦርሳዋን አንስታ ተነሣች። «መጨረሻውን አላነበብክም እንዴ? ገዳዩ እኮ—»

«እንዳይነግሩኝ!» ሁለቱንም ጆሮዎቹን ደፈነ። «ገና ግምቴን አላስገባሁም።»

ከሰዓቱን በሙሉ የቀረውን ሲያነብ ዋለ። ከፖስታው ሲደርስ ቆመ። ብጣሽ ወረቀት ቀደደና አንድ ስም ጻፈ። የታላቅየው ኮት በሩ ጀርባ እንደተሰቀለ ነው። ወረቀቱን አጣጥፎ የደረት ኪሱ ውስጥ ከተተና ጥቂት ጠበቀ።

ፖስታውን አልከፈተም። ኪሱን በመዳፉ ሁለቴ መታ መታ አደረገው።