ዳማ የመራችው ሩጫ

«ወደ ቀኝ! ዝናሽ፣ ወደ ቀኝ ነው!» ሲሲ ከኋላ ጮኸች።

ዝናሽ ግን አልታጠፈችም። ጉሙ ከገደሉ ሥር ድንገት ተነሥቶ የጓሳውን ሣርም፣ የጅብራውን ዛፍም፣ ከፊታቸው ይሮጡ የነበሩትን የዳባት ልጆችም ውጧቸዋል። ለመንገድ ምልክት ከተተከሉት ቀያይ ባንዲራዎች አንድም አይታይም።

የትምህርት ቤቶች የተራራ ሩጫ የሚሮጠው ሦስት ሦስት ሆኖ ነው። ሦስቱም ካልገቡ አንዳቸውም እንዳልገቡ ይቆጠራል። ከተራራው ካምፕ ተነሥቶ ደባርቅ ኳስ ሜዳ ላይ ያልቃል፤ አንደኛና ሁለተኛ የወጡ ቡድኖች ባሕር ዳር ሄደው ለክልሉ ዋንጫ ይወዳደራሉ። ዝናሽ የስምንተኛ ክፍል ተማሪና የቡድኗ ካፒቴን ናት። ባሕር ዳርን አይታ አታውቅም። ሐይቁን ለማየት ከመቋመጧ የተነሣ ክረምቱን ሙሉ በጭቃ ስትሮጥ ነው የከረመችው።

«ባንዲራውን አየሽው?» አለች ቆም ብላ።

«አሁንማ ምን ይታያል! ጠዋት በመኪና ስንወጣ ግን ቆጥሬያቸዋለሁ። ከትልቁ ቋጥኝ ቀጥሎ ወደ ቀኝ ይታጠፋል።»

ሲሲ አምና ከጎንደር የመጣች፣ አባቷ ባንክ የሚሠራ የከተማ ልጅ ናት። የዝናሽ አባት አቶ ታገኘ ግን የቱሪስት ጓዝ በበቅሎ እየጫኑ ሃያ ዓመት እነዚህን ተራሮች ተመላልሰውባቸዋል። ታዲያ የአቶ ታገኘ ልጅ በከተማ ልጅ ልትመራ? እንዴት ተደርጎ!

ይህን እያሰበች ሳለ ከጉሙ ውስጥ አንዲት ባዶ ኮርቻ የተጫነች በቅሎ ብቅ አለች፤ ማንም ሳይነዳት በሶምሶማ አልፋቸው ቁልቁል ወረደች።

«ዳማ! ይቺማ የእኛ ዳማ ናት!»

ዳማን አባቷ ባለፈው ዓመት፣ ቱሪስት ሲጠፋ፣ ለአንድ ገበሬ ሸጠዋታል። በቅሎዋ ግን ከዚያ በኋላ ሁለት ጊዜ አምልጣ ደባርቅ ድረስ መጥታ፣ ጎሕ ሳይቀድ አጥራቸውን ስትገፋ ተገኝታለች። ያኔ ዝናሽ አንገቷ ላይ ተጠምጥማ አልቅሳለች።

«የተሸጠ ከብት የድሮ ቤቱን አይረሳም» አለች። «አሁንም ወደ እኛ ቤት ነው የምትሄደው። ቤታችን ደግሞ ከኳስ ሜዳው ጀርባ ነው። ተከተሉኝ!»

«ቋጥኙ ጋ እኮ ወደ ቀኝ...»

«በቅሎ መንገድ አትስትም አልኩሽ!»

ሦስተኛዋ ገበያነሽ ረጅም እግርና አጭር ንግግር ነው ያላት። አንዴ ሲሲን፣ አንዴ ዝናሽን አየችና ካፒቴኗን ተከተለች። ሲሲም ብቻዋን ብትገባ አይቆጠርላትምና ከንፈሯን ነክሳ ተከተለቻቸው።

ሩጫው መጀመሪያ ላይ ደስ ይል ነበር። እርጥቡ ሣር ያንሸራትታል፤ የዳማ ኮቴ ከፊት ከፊት ይሰማል። ቁልቁለቱ ግን አላልቅ አለ። ደባርቅ ለመግባት ይህን ያህል እንደማይወረድ ዝናሽ አሳምራ ታውቃለች፤ አፍ አውጥታ ለመናገር ግን አልደፈረችም። በመጨረሻ ውሻ ጮኸ፤ የገብስ ክምር ታየ። ዳማ አንድ ግቢ ሰተት ብላ ገባችና አፏን ገለባ ውስጥ ቀበረች።

አንድ ሽማግሌ ከቤት ወጡ። «በስመ አብ! ልጆቼ፣ በቁምጣ ከወዴት ነው የምትበሩ?»

«አባባ፣ ደባርቅ በየት በኩል ነው?» አለች ሲሲ እያለከለከች።

«ደባርቅማ ከወዲያ ማዶ ቀረ እኮ የኔ ልጅ! ያን ሸንተረር ካልወጣችሁ አይታይም።»

«ዳማ ግን... ወደ እኛ ቤት ነበር የምትመጣው» አለች ዝናሽ።

«የታገኘ ልጅ ነሽ? እድግ በይ! አዎ፣ በፊትማ ታስቸግረኝ ነበረ። አሁንስ ካምፕ ድረስ ጓዝ አድርሳ ሲለቋት ብቻዋን ትመጣልኛለች። ቤቷን ለምዳለች።»

ዳማ ቀና ብላ እንኳ አላየቻትም። ወፍራለች፤ ጠጉሯም ያብረቀርቃል። ዝናሽ አፈረች፤ ትንሽም ቀናች። በቅሎዋ መንገድ አልሳተችም፤ ቤቷ ገብታለች። የሳቱት እነሱ ናቸው።

ሽማግሌው፣ ዳማን የገዙት አያ ሃብተ ጊዮርጊስ፣ በሶ በጥብጠው አጠጧቸው። «የቸኮለች አፍስሳ ለቀመች» ብለው ሳቁና አቋራጩን በጣታቸው አሳዩአቸው።

«ሲሲ፣ ይቅርታ» አለች ዝናሽ።

«ይቅርታውን ስንገባ ትይኛለሽ። አሁን ሩጪ!»

ሸንተረሩን በአራት እግራቸው ነው የወጡት ማለት ይቻላል። ጫፍ ሲደርሱ ጉሙ ተገፍፎ የደባርቅ ቆርቆሮ ሁሉ ያበራል። ነፍሳቸውን ሳያውቁ ወረዱ፤ ሦስቱም አብረው ሜዳው ገቡ። ሦስተኛ! ሁለተኛ የወጡት የዳባት ልጆች ቀድመዋቸው ገብተው ሣሩ ላይ ተዘርረዋል። የአንዷ ጉልበት ተልጦ ይደማል።

ወዲያው የውድድሩ ዳኛ ወይዘሮ ደብረወርቅ በድምፅ ማጉያ ተናገሩ። «በጉሙ ምክንያት መንገድ የጠፋው ቡድን ካለ ካፒቴኑ ቀርቦ ያስመዝግብ። አንደኛውን ቡድን ጉሙ አልደረሰበትም፤ ለሁለተኛው ቦታ ግን ነገ ድጋሚ ይሮጣል።»

መምህር ምሥጋናው እየሮጡ መጡ። «ሰማሽ? ዕድል ነው! ሂጂና አስመዝግቢ። ነገ እግራችሁ አርፎ ታሸንፏቸዋላችሁ!»

ዝናሽ ጠረጴዛው ፊት ቆመች። ባሕር ዳር የአንዲት ቃል መንገድ ነው የቀረው። ዞር ብላ ጓደኞቿን አየች።

«ካፒቴኗ አንቺ ነሽ» አለች ሲሲ። ገበያነሽም ራሷን በአዎንታ ነቀነቀች።

«ጉሙ ነው ያሳታችሁ?» ብለው ጠየቁ ወይዘሮ ደብረወርቅ።

ጉሙማ በዳባት ልጆችም ላይ ወርዷል። እነሱ ግን ባንዲራውን በዳበሳ እየፈለጉ፣ እየወደቁ ነው የመጡት።

«ጉሙ አይደለም» አለች ዝናሽ። «ሲሲ መንገዱን ታውቀው ነበር። እኔ እምቢ ብዬ በቅሎ ተከተልኩ።»

«ምን?»

«በቅሎ። አባቴ የሸጣትን።»

በዙሪያው የቆመው ሰው በሳቅ ፈነዳ። አቶ ታገኘ ከበቅሎ አከራዮቹ መሐል ጋቢያቸው ከትከሻቸው እስኪወድቅ ሳቁ። መምህር ምሥጋናው ግን ራሳቸውን ይዘው «በቅሎ ገመዷን በጠሰች ቢሉ በራሷ አሳጠረች አሉ!» እያሉ አጉረመረሙ።

ወይዘሮ ደብረወርቅ ሳቃቸውን አፍነው እስክሪብቷቸውን አነሡ። «እንግዲህ ምን ብዬ ልጻፍ?»

«ዳማ ብለው ይጻፉ» አለች ገበያነሽ፤ ቀኑን ሙሉ የተናገረችው ይህን ብቻ ነው።

ሲሲ ሆዷን ይዛ ስትንፈራፈር ዝናሽም ሳቋ መጣ። ከዚያ ሣሩ ላይ ወደተዘረሩት የዳባት ልጆች ተመለከተችና ወደ ጠረጴዛው ጎንበስ አለች።

«ድጋሚ አንሮጥም ብለው ይጻፉልን» አለች።